ጥበቡ ክፉ ሰው የሆነበት ፊልም

ከታች ጋይንት እስከ ስማዳ፣ ሲልም እስከ እስቴ ድረስ ባለፉት ዐሥር ዓመታት ከተዳሩት ሙሽሮች ብዙዎቹን የቀረጻቸው ጥበቡ ዓለምነህ ነው። ወገዳ አጠገብ ተወልዶ ያደገ፣ አርብ ገበያ ላይ ሩት ከምትባል የአክስቱ ልጅ ጋር አንዲት ጠባብ ፎቶ ቤት ከፍቶ የሚኖር፣ ቀጠን ያለ፣ ሲናገር እጁ የማያርፍ ሰው ነው። ከሩቅ ያየው የሚጣላ ይመስለዋል። እሱ ግን ብርሃኑ ከየት ወዴት እንደሚወድቅ እያስረዳ ነው።

ሰርግ መተዳደሪያው ነበር፤ ምኞቱ ፊልም ነው። የሚደግፈው ባለሀብት ስላልነበረ ያገኘውን ሁሉ እየሠራ ተማረ። ለግብርና ሰዎች ስለ ስንዴ ዋግ ሠራ። ለአንድ ዘፋኝ ክሊፕ ሠራለት፤ ዘፋኙ ከፈረስ ላይ ወድቆ ሦስት ቀን ቢተኛም ክሊፑ ላይ ግን ሲጋልብ ነው የሚታየው። ሰዎች ስልካቸው ላይ እያዩ የሚስቁባቸውን አጫጭር ቀልዶች ሠራ። ድርሰቱን ራሱ ይጽፋል፣ ራሱ ይቀርጻል፣ ራሱ ይቆርጣል፣ ራሱ ይቀጥላል። ካሜራው እየሄደ እንዲያይ ሲፈልግ ሩትን በእጅ ጋሪ ላይ አስቀምጦ ይገፋታል። ፊት የሚያጠቁር ጥላ ሲመጣበት አቡጀዲ ወጥሮ ብርሃኑን ይመልሰዋል። የተዋንያኑን ልብስ ይጥፋል፤ ምሳ ሲደርስ ሽሮውንም የሚያማስለው እሱ ነው። «ለመሆኑ አንተ ሥራህ ምንድን ነው?» ብለው ሲጠይቁት፣ «የጎደለውን ነኝ» ይላል።

ሕሊናን ያወቃትም በዚሁ ሥራ ነው። እሷ በጤና ጣቢያው አዋላጅ ነች። እናቶች ቤታቸው እንዳይወልዱ የሚያስተምር አጭር ፊልም እንዲሠራ ተጠርቶ ሄደና፣ ምጥ የያዛት ሴት ሆና የምትተውን ሰው ሲያጣ፣ ሕሊና ነጭ ጋወኗን አውልቃ አልጋው ላይ ወጣች። «ስንቱን ሳይ የኖርኩትን እኔ ካላወቅሁት ማን ሊያውቀው ነው?» አለችና እንዲያ ጮኸች፤ ውጭ ተራ የሚጠብቁት ሴቶች «እግዚኦ ማርያም!» እያሉ እልል ሊሉ ተዘጋጁ። ጥበቡ ካሜራውን እስኪያንቀጠቅጠው ሳቀ። ከዚያ ቀን በኋላ ጤና ጣቢያው ደጃፍ ላይ ብዙ ጊዜ ጉዳይ ተገኘለት።

ባለፈው ዓመት ጥር ላይ ረጅም ፊልሙን ጀመረ። ስሙ «ባዶ ጎታ» ነው። ከከተማ የተመለሰ ደምስ የሚባል ልጅ፣ ባሏ የሞተባትን እናቱን አታልሎ ጎታዋ ውስጥ ያለውን እህል እየሸጠ ይጨርሳል። በመጨረሻ እናትየዋ አውድማ ላይ የቀረውን ስንዴ አላስነካም ስትለው ገፍትሮ ይጥላታል። ታሪኩ ይህ ነው። እናትየዋን የምትሆን ሰው ለማግኘት አልተቸገረም፤ እትዬ አልጣሽ ነበሩለት። እትዬ አልጣሽ በየአርቡ ባቄላ ጭነው ገበያ የሚወጡ፣ ስልሳን የተሻገሩ ገበሬ ናቸው። ቀልዶቹ ላይ ሁለት ጊዜ ተውነውለት ሰው ሁሉ ወዷቸዋል። ፊደል አልቆጠሩም፤ ቃሉን አንዴ ካነበቡላቸው ግን አይረሱትም፤ ካልጣማቸውም ያሻሽሉታል።

የቸገረው ደምስ ነው። መጀመሪያ አስማረ ተስማማ። አስማረ የወፍጮ ቤት ባለቤት ነው፤ ትከሻው ሰፊ፣ ድምፁ ወፍራም፣ ለክፉ ሰው የተፈጠረ ይመስላል። ሊቀረጽ ሁለት ቀን ሲቀረው ባለቤቱ አስካለ ሰማች። «እናቱን የሚመታ ሆነህ አገር አይቶህ፣ ነገ ልጆቻችንን ማን ያገባቸዋል?» አለችው። አስማረ በግ አሳድዶ እንደ ደከመ ሰው ላብ ላብ እያለው ፎቶ ቤት መጥቶ ይቅርታ ጠየቀ። ጌዲዮን የሚባል አስተማሪም ተለመነ፤ «እኔ እኮ ስለ ግብረ ገብ ነው የማስተምረው» አለ። አውድማው በዚያ ሳምንት ካልተቀረጸ ገበሬው እህሉን አንስቶ ሊገባ ነው። ነዶው ዳግመኛ የሚከመረው የዛሬ ዓመት ነው።

«እንግዲህ የጎደለውን ነህ» አለችው ሩት፣ ካሜራውን ከእጁ እየተቀበለችው።

ያን ቀን አውድማው ላይ የሆነውን ጥበቡ ደጋግሞ ያስታውሰዋል። ቃሉን ይላል፣ እጁን ያነሳል፣ ግን ፊቱ ይቅርታ የሚጠይቅ ሰው ፊት ነው። ሩት «እንደገና» ትላለች። እንደገና ይሆናል። በሬዎቹ ሰልችቷቸው ቆሙ። ፀሐይ እያዘቀዘቀች ሄደች። እትዬ አልጣሽ ገለባው ላይ ተቀምጠው ሲያዩት ቆዩና ተነሥተው ከቃሉ ውስጥ የሌለ ነገር ይናገሩ ጀመር።

«አባትህ ዓለምነህ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ አንተን አሳድጎ ምን አተረፈ?» አሉት። «እርሻውን ጥለህ፣ ትምህርትህን ጥለህ፣ በሰው ሰርግ እየዞርክ ቆርቆሮ ስታነጣጥር ትውላለህ! ሰው ነኝ ትላለህ አንተ? የዓለምነህ ልጅ ነኝ ትላለህ?»

የጥበቡ ጆሮ ጭው አለ። አባቱ ሲሞት እሱ ሰርግ ላይ ነበር፤ ይህን ደግሞ እትዬ አልጣሽ ያውቃሉ። ዓይኑ ተለወጠ። እጁ ከራሱ በላይ ወጣ። ወጥቶም እዚያው አየር ላይ ቀረ፤ አልወረደም። እትዬ አልጣሽ ጊዜ አላጠፉም፤ ራሳቸው ወደ ኋላ ተወርውረው ገለባው ላይ ወደቁና «ልጄ!» ብለው ጮኹ። ሩት ሁሉንም አገኘችው። ጥበቡ ግን ወደ ካሜራው ሳይመለስ ገለባው ላይ ተቀመጠ።

«ተቀየምከኝ?» አሉት አሮጊቷ፣ ከፀጉራቸው ላይ ገለባ እየለቀሙ። «አንተን ስጠብቅ ሊመሽብኝ ነው እንዴ? ባቄላዬ ያልተወቃ አለኝ።»

ክረምቱን ሙሉ ሲቆርጥና ሲቀጥል ከረመ። እጁ አየር ላይ የቆመበትን ቁራሽ ከፊልሙ አወጣና ከዓይኑ ቀጥታ ወደ እትዬ አልጣሽ አወዳደቅ አሻገረው። ያየው ሁሉ እንደ ገፈተራቸው ምሎ ይናገራል። መስከረም ላይ ፊልሙ ወጣ። የስልክ መረብ በሌለበት ቀዬ እንኳ ሰው ከስልክ ወደ ስልክ እያስተላለፈ አየው። በእርሻ ላይ፣ በማኅበር ላይ፣ በመኪና መጠበቂያ ላይ ያ ሁሉ ሰው አንገቱን ደፍቶ አንዲት ስልክ ከቦ ሲያለቅስ ጥበቡ በዓይኑ አየ። ዕድሜ ልኩን የተመኘው ይህ ነበር።

ዳሩ ግን መዘዙም አብሮ መጣ። ቅቤ ተራ ሲያልፍ ሴቶቹ ጨዋታቸውን ያቆማሉ። አንድ ሽማግሌ ከመንገድ ላይ አስቁመው ከእግር እስከ ራሱ አዩትና፣ «የወለደች ማሕፀን አትርገምህ» ብለው አለፉ። የሰርግ ውል የተዋዋለ አንድ ቤተሰብም «ሩት ብቻ ትምጣልን» ብሎ ላከ። እሱ ለሩት እየተረከ ይስቅ ነበር። የሆነ ሆኖ ገበያ መሐል መሄዱን ትቶ በጓሮ መዞር ጀመረ።

ሳቁ የጠፋው ኅዳር ሲገባ ነው። እሱና ሕሊና ከተስማሙ ቆይተዋል፤ የቀረው ሽማግሌ መላክ ነበር። የሕሊና አባት መሪጌታ ወልደ ገብርኤል፣ በጋይንቷ ቤተ ልሔም የድጓን ዜማ የተማሩ፣ በአጥቢያቸው ጉባኤ ዘርግተው የሚያስተምሩ፣ አገር የሚያከብራቸው ሰው ናቸው። ሽማግሌዎቹ ማለዳ ሄዱ፤ በመካከላቸውም አስማረ ነበረበት። ከሰዓት በፊት ተመለሱ። እንዲያ ቶሎ መመለሳቸው ራሱ መልስ ነበር።

«ምን አሉ?» አለ ጥበቡ።

አስማረ ባርኔጣውን እያሽከረከረ መሬት መሬት አየና ድምፁን እንደ መሪጌታ አጎረነነ። «"ፊልም መሆኑን አውቃለሁ፤ ሕፃን አይደለሁም" አሉ። "ቃሉ ውሸት ነው፤ ልብሱ ውሸት ነው፤ ዓይኑ ግን ውሸት አልነበረም። ሰው የሌለውን ነገር ከየት ያመጣዋል? ልጄን ለዚያ ዓይን አልሰጥም" አሉ።» ባርኔጣውን መልሶ ደፋና፣ «እኔ ብሠራው ኖሮ...» አለ።

መሪጌታ አላዋቂ ሆነው ቢናገሩ ኖሮ ጥበቡ እንዲያ አይጨንቀውም ነበር። በዚያ ቀን ፎቶ ቤቱን ዘግቶ፣ ኮምፒዩተሩ ላይ ያን ትዕይንት ከፍቶ፣ የራሱን ፊት አቁሞ አየው። ወደፊት አንድ እርምጃ፣ ወደ ኋላ አንድ እርምጃ እያስኬደ አየው። የሚያውቀው ሰው አይመስልም። «እውነት ይህ በእኔ ውስጥ አለ?» ብሎ ራሱን ጠየቀ።

ሕሊና የአባቷን ልብ ታውቅ ነበር። «አባዬ ክፋት ይዟቸው አይደለም» አለችው። «ታላቅ እህቴን ሰብለን ለሳቂታ ሰው ነው የሰጧት። ሽማግሌ ሆኖ የመጣው ሁሉ ስለ ፀባዩ መሰከረ። በሁለተኛው ዓመት ክንዷ ተሰብሮ ተመለሰች። እስከ ዛሬ በደንብ አይታጠፍላትም። ከዚያ ወዲህ አባዬ የሰው ፊት ሲያዩ ድጓ እንደሚያርም ሰው ነው የሚያዩት።»

«እንግዲያው ፊልሙን ላጥፋው» አለ ጥበቡ። «ከስልክ ሁሉ ባይጠፋም፣ ከእኔ በኩል ይጥፋ።»

«ካጠፋኸው አባዬን እውነትም እርስዎ እንዳሉት ነኝ ማለትህ ነው» አለችው። «አታጥፋው። እኔ ያንተን ፊት በየቀኑ ነው የማየው።»

ወሬ ገበያ ሲደርስ እግር ያወጣል። አርብ ዕለት እትዬ አልጣሽ ባቄላቸውን ሳይሸጡ፣ አህያቸውን ፎቶ ቤቱ ደጃፍ አስረው ገቡ።

«በእኔ ምክንያት ነው ሚስት የተከለከልከው?»

«በእርስዎ ምክንያት አይደለም፣ እትዬ።»

«ያን ዓይን የሰጠሁህ እኔ አይደለሁም እንዴ? እሁድ ከቅዳሴ በኋላ እንሄዳለን። ነጠላህን አጥበህ ልበስ።»

«ምን ብለን ነው የምንሄደው? መልሱ እኮ ተነግሯል።»

«አንተ ዝም ብለህ ትቀመጣለህ። ዝም ማለት እንደሁ ያምርብሃል» አሉና ወጡ።

እሁድ አህያዋን እየነዱ ሄዱ። መሪጌታ ወልደ ገብርኤል ከደጃቸው ዋርካ ሥር መቋሚያቸውን ተደግፈው ተቀምጠው፣ ተማሪዎቻቸው ዙሪያቸውን ይዘው አገኟቸው። ጥበቡ እጅ ነሥቶ ራቅ ብሎ ቆመ። መሪጌታ አዩት፤ ሰላምታውን መለሱ፤ ተቀመጥ ግን አላሉትም። ለእትዬ አልጣሽ በርጩማ አስመጡላቸው።

«ምነው በደኅና አልጣሽ?»

«ደኅና ነው። ይህ ልጅ ሳይሆን እኔ ጥፋተኛ ሆኜ ነው የመጣሁ» አሉ እትዬ አልጣሽ። ከዚያም የአውድማውን ቀን አንድም ሳያስቀሩ ተረኩላቸው፤ ልጁ እንዴት እንዳቃተው፣ ሟች አባቱን አንሥተው እንዴት እንዳቆሰሉት፣ እጁ እንዴት አየር ላይ እንደቀረ፣ እሳቸው ራሳቸው እንዴት እንደወደቁ።

መሪጌታ በጥሞና ሰሙ። «እጁ የቆመበትን ማየት ይቻላል?» ሲሉ ወደ ጥበቡ ዞሩ።

ጥበቡ አንድ እርምጃ ቀረበ። «ይቅር ይበሉኝ፣ መሪጌታ። ለፊልሙ አላስፈለገኝም ነበር፤ ቦታ ሲጠብበኝ አጠፋሁት።» ሊዋሽ ይችል እንደነበር ኋላ ላይ አሰበ፤ ያን ጊዜ ግን አልመጣለትም።

«እንግዲህ የአልጣሽ ቃል ብቻ ነው ያለን» አሉ መሪጌታ። «ቃልሽን አምናለሁ። ግን ቁጣውስ? ስትነኪው የወጣው ከውስጡ ነው። ያ ነው እኔን ያስፈራኝ።»

እትዬ አልጣሽ ነጠላቸውን አስተካከሉ። ለወሬ እንደሚመቻች ሰው ወደ ፊት ጠጋ አሉና፣ «ይሁን» አሉ። «ከመጣሁ አይቀር ገበያ የሰማሁትን ልንገርዎ። ድምፅዎ ደክሟል ይላሉ። ድጓውን ሲያዜሙ የዜማ ምልክቱን ይዘላሉ፤ ተማሪዎቹም አፍረው ዝም ይሉልዎታል ይላሉ። ከመምህርዎ የተቀበሉትን ዜማ አበላሽተው ነው ለልጆቹ የሚያወርሱት አሉ።»

ተማሪዎቹ ትንፋሻቸውን ዋጡ። የመሪጌታ ፊት ደም መሰለ። ጢማቸው ተንቀጠቀጠ። ዓይናቸው ከጥላው ውስጥ እንደ ፍም በራ፤ መቋሚያውን የያዘ እጃቸው ነጭ እስኪሆን ጨበጠ። «ማነው?» አሉ፤ ድምፃቸው ዋርካውን ያነቃነቀ መሰለ። «ማነው ይህን ያለ?»

«ማንም» አሉ እትዬ አልጣሽ፣ ከበርጩማቸው ሳይነቃነቁ። «አሁን የፈጠርኩት ነው። የእርስዎን ድጓ የሚነቅፍ በዚህ አገር አልተወለደም። እንዲያው ያን ዓይን ላሳይዎ ብዬ ነው። ይኸው ከእርስዎም ወጣ። መቋሚያው ግን አልተነሣብኝም።»

ጥበቡ መሬት ተከፍታ ብትውጠው ደስታው ነበር። ከዚያ ከአንዱ ተማሪ አፍንጫ ትንሽ ሳቅ አመለጠች። መሪጌታ ወደ እሱ ዞሩ፤ ሊቆጡ ነበር፤ አልሆነላቸውም። ትከሻቸው መንቀጥቀጥ ጀመረ። ሳቁ፤ ሳቁና ሳቁና ዓይናቸውን በነጠላቸው ጫፍ ጠረጉ።

«አንቺ ሴት» አሉ፣ «ከቅዳሴ መልስ ኃጢአት ውስጥ አስገባሽኝ።»

«ይፍቱኝ» አሉ እትዬ አልጣሽ።

«እግዚአብሔር ይፍታሽ።» ሳቃቸው ግን ቀስ እያለ ጠፋ። መቋሚያቸውን አዩት። «ይህን ሁሉ እሺ ልበል። እኔ ግን አንድ ጊዜ ተሳስቻለሁ፣ አልጣሽ። ልጅ ነው የምሰጠው።»

በዚህ ጊዜ ከቤቱ በር ላይ አንዲት ሴት ብቅ አለች። በቀኝ እጇ የጠላ ማሰሮ ይዛለች፤ ግራ ክንዷን ወደ ጎኗ ሰብስባ ሁለት ዋንጫ አቅፋበታለች። ጥበቡ አይቷት ባያውቅም ሰብለ መሆኗን ወዲያው አወቀ። ለእትዬ አልጣሽ ቀዳች። ቀጥላ ቆሞ ወደ ነበረው ወደ ጥበቡ ሄደችና ለእሱም ሰጠችው።

«እኔም ፊልሙን አይቼዋለሁ፣ አባዬ» አለች፤ ፊቷን ወደ አባቷ ሳታዞር። «የእኔው ሰውዬ ሲመታኝ ዓይኑ እንደዚያ አልነበረም። ይስቅ ነበር።»

ይህን ብላ ማሰሮዋን ይዛ ወደ ቤት ገባች። መሪጌታ በሩን ለረጅም ጊዜ ተመለከቱ። ያን ነገር ልጃቸው ነግራቸው እንደማታውቅ ከፊታቸው ይነበብ ነበር። ዓይናቸው እንባ አቅርሮ ቆየና ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «ቁም ተብለህ አልነበረም፤ ተቀመጥ እንጂ ልጄ» አሉት ጥበቡን።

ጥበቡ ተማሪዎቹ መሐል መሬት ላይ ተቀመጠ። ሲቀመጥ የጠላውን ግማሽ ጉልበቱ ላይ አፈሰሰው።

«ሽማግሌ ዳግመኛ ላክ» አሉ መሪጌታ። «በወጉ ይሁን። ጾሙ ሳይገባ ይምጡ። አልጣሽም አብራ ትምጣ፤ ሴት ሽማግሌ አልተለመደም የሚል ካለ እኔ እመልስለታለሁ።» ከዚያም ትንሽ አሰቡና፣ «ባለ ወፍጮውን ግን አትላከው። ቃሉን ሁሉ ለእናንተ ሲያደርስ የእኔን ድምፅ አስመስሎ ነው የተናገረው ብላኛለች ሕሊና፣ ከአንተ ሰምታ። ከትወና መሸሽ አይሆንለትም፤ ቀጥረህ አሠራው» አሉት። ተማሪዎቹ እንደገና ሳቁ። ጥበቡም ሳቀ። ከስንት ቀን በኋላ ደረቱ ተከፍቶ አየር ገባበት።

ሲመለሱ አህያዋን አስቀድመው ቁልቁለቱን ወረዱ። ግማሽ መንገድ ላይ ጥበቡ ድንጋይ ላይ ተቀመጠ። ደክሞት አይደለም። እንዲያው ተሸክሞት የከረመው ነገር ሳይታወቀው ወርዶ ሰውነቱ ሚዛን አጣ። ከታች የተከመረው ገብስ፣ ወዲያ ማዶ የስማዳ ተራሮች፣ ሁሉም በከሰዓት ብርሃን ጥርት ብለው ይታያሉ። ለካሜራ ጥሩ ብርሃን ነው ብሎ ማሰብ ጀመረና ተወው፤ ዝም ብሎ አየው።

«ምነው፣ ታመምክ?» አሉ እትዬ አልጣሽ።

«አልታመምኩም። ትንሽ ልቀመጥ ብዬ ነው።»

«ተቀመጥ። እኔ አህያዋን ልይ፤ የሰው ማሳ ውስጥ ሳትገባ አትቀርም።»

ስልኩን አወጣ። እዚያ ድንጋይ ላይ ስልክ መስመር ይይዛል። ሕሊና ጋ ደወለ፤ አልተነሣም። ተረኛ ነበረች። ደግሞ ደወለ። አልተነሣም። አህያዋ በእርግጥም የሰው ሽንብራ ውስጥ ተገኝታ ነበር፤ ከታች የእትዬ አልጣሽ ድምፅ ከአንድ ገበሬ ድምፅ ጋር ሲከራከር ይሰማዋል፤ ብዙም ሳይቆይ ሁለቱም ሲሳሳቁ ሰማ። በመጨረሻ ስልኩ ጮኸ።

«ይቅርታ» አለች ሕሊና፤ ትንፋሿ ቁርጥ ቁርጥ ይላል። «አንዲት እናት ከሩቅ በወሳንሳ ተሸክመው አምጥተዋት፣ ሁለት ሰዓት ሙሉ ታገልን። አሁን ገና ነው። እናትየዋም ልጇም ደኅና ናቸው።»

ጥበቡ የሚናገረውን ሁሉ አዘጋጅቶ ነበር፤ ጠፋበት።

«እኛም ደኅና ነን» አለ።

ከወዲያ የሕፃን ልቅሶ ይሰማል። «እውነትህን ነው?» አለች። «አባዬ?»

«ተቀመጥ አሉኝ።»

ሕሊና ስልኩን ሳትዘጋ ለሆነ ሰው «ተቀመጥ አሉት!» ብላ ስትጮኽ፣ የወለደችው እናት ሳትሆን አትቀርም፣ አንዲት የደከመች ሴት ድምፅ «ተመስገን» ሲል ሰማ።

ጥምቀት ባለፈ በሳምንቱ ተጋቡ። ሩት ቀረጸችው። ጥበቡ ሙሽራ ሆኖም አቡጀዲው ትንሽ ወደ ግራ ይሁን እያለ በዓይኑ ስለሚያዝ፣ ሚዜው በየመሐሉ ክርኑን ይነካዋል። ሰብለ በዚያ ቀን ከሁሉ በላይ ጨፈረች። አሁን አርብ ገበያ ላይ ከጤና ጣቢያው ብዙም በማይርቅ ቤት ይኖራሉ። በዚህ ዓመት አዲስ ፊልም ይዟል፤ የሳቅ ነው፤ አስማረም ገብቶበታል። ጥበቡ በዚህኛው ከካሜራው ጀርባ ብቻ ነው፤ ለጊዜው ምንም የጎደለ የለም።